አቶ አይነካም

ወንድሜን ሰፈሩ የሚያውቀው «አቶ አይነካም» በሚል ቅጽል ነው። ስሙን ያወጣችለት የገዛ ሚስቱ ናት፤ አፏ ይባረክ። የድሮ ዕቃና ሥዕል ሙዚየም ውስጥ ጥበቃ ሆኖ ከተቀጠረ ወዲህ ሰውየው ሌላ ሰው ሆኖ ቁጭ አለ። ሥራው ምን መሰላችሁ? የድሮ ወንበርና ሳጥን የሞላበት ክፍል ውስጥ ቆሞ፣ ሰው እጁን ሲዘረጋ «አይነካም!» ማለት። በቃ፣ ይኸው ነው! እሱ ግን ያንን ዩኒፎርም ሲለብስ ሕንፃውን በትከሻው ደግፎ ያቆመው ይመስለዋል።

ቤቱንም ሙዚየም አደረገው። የሚስቱን ደህና ደህና ብርጭቆዎች መስታወት ቁም ሳጥን ውስጥ ቆልፎባቸው፣ እንግዳ ውሃ የሚጠጣው በፕላስቲክ ኩባያ ነው። የሶፋው ላስቲክ እስከ ዛሬ አልተነሳም፤ የተቀመጠበት ሁሉ ሲንኮሻኮሽ ይውላል። አንድ ቀን እኔ ታናሽ እህቱ ግድግዳው ላይ የሰቀላትን ሥዕል ጠጋ ብዬ ባይ፣ «ራቅ በይ፣ ትንፋሽሽ ቀለሙን ይጎዳዋል» አለኝ። ሥዕል ያልኳችሁ ከቀን መቁጠሪያ ላይ የተቀደደ ወረቀት ነው። ኧረ ጉድ!

ይሄ እንኳን ያስቃል። የእናቴ ወንበር ነገር ግን አያስቅም።

አባታችን አናጺ ነበር። እናቴ ወገቧን ታማ ከመቀመጫ መነሳት ሲያቅታት፣ ተደግፋ እንድትነሳ ብሎ የክንድ መደገፊያው ከፍ ያለ ወንበር ሠራላት። ጀርባው ላይ ሁለት ወፎች ሳለበት። አንደኛዋ ወፈር ያለች ስለነበረች «ይቺኛዋ አንቺ ነሽ» እያለ ያበሽቃት ነበር። እሱ ከሞተ በኋላ ቀኑን ሙሉ እዚያ ላይ ነበር የምትውለው። ሰው ሳይጎትታት የምትነሳውም ከዚያ ወንበር ላይ ብቻ ነው።

ሙዚየሙ ዕቃ በስጦታ ላመጣ ሰው ስሙን ካርድ ላይ ጽፎ ይለጥፋል። የእኛ ጉድ ይህን ካወቀ ወዲያ እንቅልፍ አጣ፤ የዳይሬክተሯ ዓይን ውስጥ መግባት አማረው። «እማዬ፣ እዚያ ቢቀመጥ አይሰበር፣ አይሰረቅ። ደሞ በፈለግሽ ጊዜ መጥተሽ ትቀመጭበታለሽ። በሩ ላይ ያለሁት እኔ አይደለሁ እንዴ?» አላት። እኔ «እንዳትሰሚው» ብዬ ለምኛት ነበር። ምን ታድርግ፣ ልጇ ነው፣ አመነችው። ወንበሩ ተጭኖ ሄደ፤ እሷም አልጋ ጫፍ ላይ እየተቀመጠች፣ ለመነሳት እኔን መጣራት ጀመረች።

«ትንሽ ልቀመጥበትና ልምጣ፣ ናፈቀኝ» ስትለኝ ደግፌ ወሰድኳት። ደረጃውን እያረፈች ወጣች። ወንበሩ በቀይ ገመድ ታጥሮ ቆሟል። ካርዱን ሳነብ ደሜ ፈላ። «ዕድሜው መቶ ዓመት። ሠሪው ያልታወቀ» ይላል። ከሥሩ ደግሞ «ስጦታ» ብሎ የወንድሜ ስም ከነአባቱ ስም ተጽፏል! ሠሪው እኮ እዚያው ካርድ ላይ ነው ያለው። የትናንት አናጺ ሥራ ነው ቢል የማይቀበሉት መስሎት፣ ከቅድመ አያቶቼ የወረደ ነው ብሎ ዋሽቷቸዋል። ከንቱ! አባቱን በአንድ ካርድ ሸጠው።

እናቴ ማንበብ አትችልም። ወፎቹን አየችና ፈገግ አለች። ከዚያ ገመዱን በእጇ ከፍ አድርጋ በሥሩ ልታልፍ ጎንበስ ስትል፣ ዳይሬክተሯ እንግዶች ይዛ ገባች። ወንድሜ ከበሩ እየሮጠ መጣ።

«እማማ! አይነካም! ከገመዱ ወደ ኋላ ይበሉ!»

እማማ አላት፣ የገዛ እናቱን፣ እንደ መንገደኛ።

እሷ ቀልድ መስሏት ሳቀች። «ኧረ እኔ ነኝ፤ ልቀመጥበት ነው እኮ፤ ትቀመጫለሽ አላልከኝም?»

ዳይሬክተሯ ቀረብ ብላ፣ «ታውቃቸዋለህ እንዴ?» ብላ ጠየቀችው። «እናቴ ናት» ቢል፣ ወንበሩን ማን እንደሠራው በአንድ ቃል እንደምትነግራት ያውቃል። ዓይኑን በጨው ታጥቦ፣ «አላውቃቸውም። አንዳንዴ እንዲህ ግራ የገባቸው አሮጊቶች ይመጡብናል» አላት።

የማውቀውን ስድብ ሁሉ ላወርድበት አፌን ስከፍት እናቴ ክንዴን ጨምድዳ ያዘችኝ። ሳቋ ጠፍቷል። ዳይሬክተሯ አዝናላት መሰለኝ፣ ድምጿን ዝቅ አድርጋ፣ «እማማ፣ የሚጦርዎት ልጅ አለዎት?» አለቻት።

«አለችኝ፣ ይህችው» አለች እናቴ እኔን እያሳየች።

«ሌላስ?»

እናቴ ወንድሜን ከጫማው እስከ ቆቡ አየችው። ግንባሩ በላብ ርሷል። ገመዱን ያቃናል።

«ሌላ አልወለድኩም» አለች።