የእትዬ ፋጡማ ስፌት መኪና

ያን ጠዋት የቀበሌው ፍርድ ሸንጎ ፊት ስቆም ትንሽም አልፈራሁም። እውነቱ ከእኔ ጋር ነበራ...

ነገሩ በደርግ ጊዜ ነው፣ መተማ ዮሐንስ። ባሌ የመንግሥት እርሻ ላይ ትራክተር ይነዳል። እኔ ደግሞ ለሰሊጥ አጨዳ ከደጋ ለሚወርዱት ሠራተኞች ሻይና ዳቦ እሸጣለሁ። ከሻዩ ያጠራቀምኳትን ይዤ ጋሽ ይመር ሱቅ ሄድኩ። ጋሽ ይመር ወሎዬ ነጋዴ ናቸው። ቀድሞ ለከፈላቸው ሰው የፈለገውን ዕቃ ከሱዳን፣ ከገዳሪፍ ያስመጡለታል። እኔም የልብስ ስፌት መኪና አዘዝኩና ሙሉውን ከፈልኩ።

«ክረምቱ ሳይገባ ቤትሽ ይደርሳል» አሉኝ።

ክረምቱ ገባ፤ ክረምቱ ወጣ... መኪናው የለም። በሄድኩ ቁጥር «ነገ፣ ከነገ ወዲያ» ነው። አንድ ቀን ስሄድ ሱቁ ተዘግቷል። ገዳሪፍ ያለው ሸሪካቸው የሁላችንንም ገንዘብ ይዞ ጠፋ፣ ጋሽ ይመር ከሰሩ ተባለ። ለሬዲዮ የከፈለ አለ፣ ለብስክሌት የከፈለ አለ፣ ለልጁ ሠርግ ልብስ የከፈለ አለ። ወሬው ሲሰማ ቀድሞ የደረሰው ሱቁን ከፍቶ ሚዛኑን ወሰደ፣ ሌላው መደርደሪያውን ነቅሎ ሄደ። እኔ ስደርስ የቀረው ባዶ ግድግዳ ነው። ከሰስኳቸው።

ሸንጎው ፊት ጋሽ ይመር አልተከራከሩም። «ገንዘቧን ተቀብያለሁ። ዕቃዋን አላመጣሁላትም። ልጅቱ እውነቷን ነው» አሉ።

ሰብሳቢው «ታዲያ በምን ትከፍላለህ?» አላቸው።

«ምንም የቀረኝ የለም፣ ጓድ።»

ሰብሳቢው ወደ እኔ ዞረ። «የምታውቂው ንብረት አለው?»

እዚህ ላይ ዝም ማለት እችል ነበር...

«ቤታቸው ስፌት መኪና አለ» አልኩ።

ጋሽ ይመር ለመጀመሪያ ጊዜ ቀና ብለው አዩኝ። «እሱ የባለቤቴ ነው። አሁን የምንበላው በሱ ነው» አሉ። ዳኞቹ ትንሽ ተንሾካሾኩና የባልና የሚስት ንብረት አንድ ነው ብለው ፈረዱልኝ። ከሰዓት በኋላ የቀበሌው ጥበቃዎች መኪናውን ተሸክመው ቤቴ አስገቡልኝ። አሮጌ ነው፤ ግን በደንብ የተያዘ፣ የተወለወለ።

ደስ ብሎኝ ነበር። አልዋሻችሁም።

በማግስቱ በሩ ተንኳኳ። ስከፍት እትዬ ፋጡማ ናቸው፣ የጋሽ ይመር ባለቤት። ትልቅ ጥቅል ተሸክመዋል። ሊረግሙኝ የመጡ መስሎኝ ወደ ኋላ አልኩ።

«አይዞሽ፣ ልጣላሽ አልመጣሁም» አሉ። «ይኸ የሰው ጨርቅ ነው። ለዒድ ጀለብያ ስፊልን ብለው የሰጡኝ ነው። መኪናሽን ካዋስሽኝ ሰፍቼ ላስረክባቸው። እኔም የሰው ዕቃ አስቀረች እንዳልባል።»

መኪናሽን... አሉኝ እኮ። የገዛ መኪናቸውን።

ከዚያ በኋላ ፀሐዩ ሳይበረታ እየመጡ ይሰፋሉ። እኔ ሻዬን እያፈላሁ ሰረቅ እያደረግኩ አያቸዋለሁ። ቂም እፈልጋለሁ ፊታቸው ላይ... የለም። ሥራቸውን ነው የሚሠሩት። ሲጨርሱ ቁርጥራጩን ጠርገው ነው የሚወጡት።

አንድ ቀን «ለመሆኑ ስፌት ትችያለሽ?» አሉኝ።

«አልችልም፣ እትዬ። እማራለሁ ብዬ ነው።»

«ነይ በይ እንግዲህ፣ እዚህ ቁጭ በይ» አሉና ከወንበሩ ተነሡልኝ። ክር ማስገባቱን፣ እግሬን ከእጄ ጋር ማስማማቱን ያስተማሩኝ እሳቸው ናቸው። በነጠቅኳቸው መኪና ላይ! እጄን ይዘው ጨርቁን ያስገፉኝ ነበር።

የመጨረሻውን ጀለብያ ሰፍተው ያጣጠፉ ዕለት አልቻልኩም። «እትዬ፣ መኪናውን ይውሰዱት። ሸንጎ ሄጄ ታርቀናል እላለሁ» አልኳቸው።

«ወስጄስ?» አሉ። «ነገ ሌላው ከሳሽ መጥቶ ይጭነዋል። ቢያንስ አንቺ በርሽን የምትከፍችልኝ ሰው ነሽ።» ጥቅላቸውን ይዘው ወጡ።

ብዙም ሳይቆይ ባልና ሚስቱ መተማን ሊለቁ ነው ሲባል ሰማሁ። ሰሊጥ የጫነ ሎሪ ላይ ተሳፍረው ወደ ሸሕዲ ሊሄዱ ነው። ተሸካሚ ቀጥሬ መኪናውን ይዤ ሮጥኩ። ሎሪው ሞተሩን አስነሥቷል። እትዬ ፋጡማ ከላይ ጆንያው ላይ ተቀምጠዋል፤ መኪናውን ሲያዩ እጃቸው ወደሱ ተዘረጋ። አየሁት፤ ፈልገውት ነበር።

ጋሽ ይመር ግን ወርደው መንገዱን ዘጉብኝ።

«መልሰሽ ውሰጅው» አሉ።

«ጋሽ ይመር፣ በፈጣሪ ይዣዎታለሁ...»

«ስሚኝ፣ ልጄ። በዚህ ከተማ የሁሉም ዕዳ አለብኝ። የከፈልኩት ያንቺን ብቻ ነው። እሱን እንኳ አትንሽኝ።»

ሚስታቸው እጃቸውን ቀስ ብለው ሰበሰቡ። ፊታቸውን ከድንበሩ ማዶ፣ ወደ ጋላባት በኩል አዞሩ። ሎሪው ሄደ። እኔ አቧራው ውስጥ ከተሸካሚው ጋር ቀረሁ።

ልጆቼን ያሳደግኩት በዚያ መኪና ነው። በኋላ አንድ ሾፌር ነገረኝ... እትዬ ፋጡማ ሸሕዲ፣ መናኸሪያው አጠገብ፣ የቀን ሠራተኞችን ልብስ በእጅ መርፌ ሲጥፉ አይቷቸዋል። ሸሕዲ ሩቅ አይደለም። ስንት ጊዜ ልሄድ ተነሥቼ ተመልሻለሁ። ምን ብዬ እንደምጀምር አጥቼ ነው።

ሸንጎው በአንድ ጠዋት ፈረደልኝ። እኔ ግን ማንም ሳይከሰኝ ይኸው እስከ ዛሬ ስከላከል እኖራለሁ።