አባቴ የሚገድበው ጅረት

ባለፈው እሑድ የእህቴ ልጅ ሆሳዕና ከተማ ውስጥ ስትጠመቅ፣ ከቤተ ክርስቲያኑ ጓሮ አዲስ የተሠራው የጥምቀት ገንዳ ገና የሲሚንቶ ሽታው አልለቀቀውም ነበር። ዳሩን በሰማያዊ ሴራሚክ አስውበው፣ በቦቴ የመጣ ውኃ ሞልተውበታል፤ ሰዉም «ተመስገን፣ ከጭቃው ተገላገልን» ይላል። እኔ ግን ያ እርጥብ ሲሚንቶ ሲሸተኝ ሌላ ሽታ ናፈቀኝ፤ የተረገጠ ሣር፣ የኮባና የቀዝቃዛ ጭቃ ሽታ።

ያደግሁት ከከተማው ወጣ ብሎ ባለ መንደር ነው። ጅረታችን ካርታ የማያውቀው፣ ጎረምሳ ዘሎ የሚሻገረው ትንሽ ውኃ ነበር። ከጋራው ሥር፣ ከዝግባዎቹ መሃል ካለች ምንጭ ይነሣና በመምህራችን ደጅ ያልፋል፤ ከእንሰት ጓሮዎች የሚወርደውን፣ እናቶቻችን እንሰት በሚፍቁበት ሰሞን ሆምጠጥ ያለ ሽታ ይዞ የሚመጣውን ቦይ ይቀላቅላል፤ ከዚያ ከእኛ ቤት ግርጌ ትንሽ ዘና ብሎ፣ ታች ወዳለው መንደር ይወርዳል። እኔ ውኃ ቀጂ ስለነበርኩ እያንዳንዱን ድንጋይ በእግሬ አውቀው ነበር።

የጅረቱ ገዳቢ አባቴ ነው። የሾመው የለም፤ ብቻ የወንጌላውያን ቤተ ክርስቲያናችን የውኃ ጥምቀት ሲደርስ ሰው ሁሉ ወደሱ ይመጣል። ቅዳሜ ጠዋት ወደ ላይ ወጥቶ በየቤቱ እየዞረ፣ ልብስ እንዳያጥቡና ከብት እንዳያስገቡ ይለምናል። መምህራችን ከሰሜን የመጡ ኦርቶዶክስ ነበሩ፤ ባለቤታቸው «አንዴ የተጠመቀ ሰው ደግሞ ምን ሊሆን ይጠመቃል?» እያሉ በአባቴ ያሾፉና፣ ልብሳቸውን ግን ሳያጥቡ ይውላሉ። ቀጥሎ ወደ ታች ይወርድና «ነገ እስክንጨርስ ውኃ ያጥርባችኋል፣ ታገሡን» ይላቸዋል። ይህን ሳያደርግ አካፋ አይነካም። ከዚያ በኋላ ነው ከነሣሩ የተቆረጠ አፈር በድንጋይና በኮባ እየደረበ ጅረቱን የሚዘጋው።

አንድ እሑድ፣ ከዳምቦያ ገበያ ቅቤ የሚያመላልስ ግዙፍ ነጋዴ ተራው ደርሶ ሲገባ፣ ውኃው በግድቡ ላይ ሞልቶ ፈሰሰና ግድቡን ቆርጦት ሄደ። ሰውየው ጭንቅላቱ ሳይርስ ድንጋይ ላይ ቁጭ እንዳለ ቀረ። ሽማግሌዎቹ ተጠምቋል፣ አልተጠመቀም ብለው ክርክር ገጠሙ፤ እሱ እየተንቀጠቀጠ «ወንድሞቼ፣ እስክትስማሙ ጋቢዬን አቀብሉኝ» ሲል የእነሱም ቁም ነገር በሳቅ ፈረሰ። አባቴ ክርክሩን ለእነሱ ትቶ አካፋውን አነሣ። መዘምራኑ የሚያውቁትን መዝሙር ሳይጨርሱ ውኃው መልሶ እስከ ደረት ሞላ። ያን ጊዜ ይህ ማንንም አላስደነቀም፤ ውኃ ሲዘጉት ይሞላል፣ ይኸው ነው ብለን ነበር የምናምነው።

ሁሉም ሲያበቃ ግድቡን የሚያፈርሰው አባቴ ራሱ ነበር፤ ይህን ሥራ ለማንም አይሰጥም። ውኃው ሲለቀቅ እኛ ልጆች በዳሩ እየጮህን አብረነው ቁልቁል እንሮጣለን። ታች እንስራቸውን ይዘው የሚጠብቁ ሴቶች ነበሩ፤ «መጣላችሁ!» ስንላቸው፣ ውኃውን እኛ የፈጠርነው ይመስል ይመርቁናል።

ጋራው ላይ መጀመሪያ ባሕር ዛፍ ከተከሉት ሰዎች አንዱ አባቴ ነው። ክፉ አስቦ አልነበረም፤ ልጆች ማስተማር ነበረበት፣ ግንዱም ለቤት ሠሪ በደንብ ይሸጥ ነበር። እኔ ከመናኸሪያው ተሳፍሬ አዲስ አበባ ለትምህርት የሄድኩት በዚያ ዛፍ ነው። ጎረቤት አይቶ ተከለ፤ ዝግባዎቹ ለእሱ ቦታ ሲባል ተቆረጡ፤ እኔም ለእረፍት በተመለስኩ ቁጥር ጅረቱ ከስቶ ይጠብቀኛል። «ዘንድሮ በጋው ጠንክሮ ነው» እንባባላለን። አንድ ዓመት ቅዳሜ የተገደበው ውኃ እሑድ ከጉልበት ሳያልፍ ቀረ። በሚቀጥለው ዓመት አባቴን የጠራው ሰው አልነበረም። ቅዳሜውን በሙሉ ደጃፉ ላይ ተቀምጦ ዋለ።

ዲግሪሽን መልሺና ጅረቱን ውሰጂ የሚለኝ ቢመጣ፣ እሺ እንደምለው እርግጠኛ አይደለሁም። ከሁሉ የሚያሳዝነኝም ይኸው ነው። አባቴም ቢጠየቅ ያንኑ ዛፍ እንደገና የሚተክል ይመስለኛል፤ ግን ጠይቄው አላውቅም፤ የሚመልስልኝን እፈራለሁ።

እሑድ ጥምቀቱ አልቆ ልጅቷን በፎጣ ጠቅልለን እየሳምናት ሳለ፣ ወጣቱ ፓስተር የገንዳውን ውታፍ ነቀለ። አባቴ ከዘራውን ተደግፎ ተጠጋና በሀዲይኛ ጠየቀው።

«ይኼ ውኃ ወዴት ነው የሚሄደው?»

«እዚሁ ጉድጓድ ተቆፍሮለታል፣ አባባ። ይሰርጋል።»

«ታች የሚጠብቀው ሰው የለም?»

«የለም አባባ፣ ምንም አያስቡ» አለው ፓስተሩ፣ ሊያጽናናው ፈልጎ።

አባቴ ራሱን ነቀነቀ። ውኃው እየተንዶቀዶቀ እስኪያልቅ ከገንዳው አጠገብ አልተንቀሳቀሰም። ምሳ ቀርቧል፣ እንሂድ ልለው ጠጋ ብዬ ነበር፤ ግን እኔም ከጎኑ ቆሜ ውኃው ሲወርድ ማየት ጀመርኩ።