በአቡጀዲ ላይ ትምህርት ቤት የገባችው ልጅ

በአሰላ የሲኒማ አስተርጓሚ የነበረ ሰው ቢፈለግ የሚገኘው እኔ ብቻ ነኝ። ይህን የምለው ለመኩራራት አይደለም። እውነቱ ራሱ የሚያኮራ ከሆነ ግን ጥፋቱ የእኔ አይደለም። የትምህርት ቤት ደጃፍ ሳልረግጥ ፊደል የለየሁ ሰው ነኝ። ስኳርና ጨው የሚጠቀለልባቸውን አሮጌ የመዝገብ ወረቀቶች ከየሱቁ እየለመንኩ፣ ያገኘሁትን ጸሐፊ ሁሉ መንገድ ላይ እያስቆምኩ፣ «ይቺ ማን ናት? ይቺስ?» እያልኩ በአንድ ክረምት ማንበብ ቻልኩ። እንግሊዝኛውን ከላምባ ቆርቆሮና ከመድኃኒት ካርቶን ላይ ለቀምኩት። መዝገብ ቤት በተላላኪነት ገብቼ ሁለት ዓመት ሳይሞላኝ ከጠረጴዛ ኋላ ተቀመጥኩ። አብረውኝ የተቀጠሩት ተላላኪ እንደሆኑ ጡረታ ወጡ።

ሥራ የጀመርኩ ቀን አለቃዬ ስሜን ጠየቀኝ፤ ነገርኩት። ብዕሩን እንዳነሳ ትንሽ አሰበና «ይሄ ለመዝገብ አይመችም» ብሎ ሌላ ስም ጻፈልኝ። ቅር አላለኝም። እንዲያውም ያን ቀን ወደ ቤቴ የሄድኩት አዲስ ኮት እንደለበሰ ሰው ደረቴን ነፍቼ ነበር። እናቴ ግን እስክትሞት ድረስ አንድም ቀን በዚያ ስም አልጠራችኝም። ይህን አስቀድሜ የማወራው ኋላ የሠራሁት ስህተት ከየት እንደመጣ እንዲታወቅ ነው።

እህቴ ያገባችው ከከተማው ወጣ ብሎ፣ ወደ ኢተያ በሚወስደው መንገድ ዳር የሚኖር ገበሬ ነበር። ገብስ ያመርታል፣ በገበያ ቀን ደግሞ እህል ይነግዳል። ዝግተኛ፣ ቃሉን የሚመዝን ሰው ነው። የሰባት ዓመት ሴት ልጅ ነበረቻቸው። ቤቴ በመጣች ቁጥር ከጀርባዬ ቆማ የማነበውን ወረቀት ታያለች። «አቡያ» ትለኛለች፤ እኛ ዘንድ የእናት ወንድም የሚጠራው እንዲህ ነው። «አቡያ፣ ይሄኛው መስመር ምን አለ?» እነግራታለሁ። «የታችኛውስ?» እሱንም እነግራታለሁ። ጣቷን መስመሩ ላይ አድርጋ «የላይኛውን ድገመው፤ አሳጥረኸዋል» ትለኛለች። እውነቷን ነው፤ አሳጥሬዋለሁ።

በሃምሳዎቹ መጀመሪያ፣ አንዲት ከሌላ ጠቅላይ ግዛት ተመድባ የመጣች መምህርት ሴት ልጆችን ለማስመዝገብ በየቤቱ ትዞር ነበር። እህቴ ቤትም ደረሰች። ባልየው እምቢ አላለም። የሚፈራው አንድ ነገር ብቻ ነበር። የወንድሙ ልጅ ሌላ ከተማ ተምሮ ሲመለስ ትምህርት ቤት ባወጡለት ሌላ ስም ነበር የመጣው። አያቱ አዲሱን ስም ሲሰሙ «እንግዳ ነው፤ ወተት ስጡት» ብለው ፊታቸውን አዞሩ። ልጁ በገዛ ቤቱ የእንግዳ ወተት ጠጥቶ ወጣ።

«የእኔ ልጅ የያዘችው የሟች እናቴን ስም ነው» አለኝ አማቼ። «መምህርቷ ማንም አይነካባትም ብላ ምላለች። እሷ ግን የመንግሥት ሰው ናት፣ ነገ ትዛወራለች። አንተ የእኔ ሰው ነህ። ስለ ትምህርት ቤት የሚያሳይ ሲኒማ ይመጣል አሉ። እሱን አይቼ እወስናለሁ።»

«እኔ እኮ ነኝ የማስረዳው!» አልኩት። «አንተ ቁጭ ብለህ መስማት ነው።»

ሲኒማው በመኪና መጣ። ሠራተኛው ሁለት የባሕር ዛፍ እንጨት አስተክሎ ሰፊ አቡጀዲ ወጠረ፤ ሞተሩንም ራቅ አድርጎ አስነሳ። ከመግሪብ ሶላት በኋላ ሜዳው ጢም ብሎ ሞላ። ከጭላሎ የሚወርደው ነፋስ አቡጀዲውን ባራገበው ቁጥር ሥዕሉ ሆዱ ይነፋል። ከፊት ቦታ ያጡት ከኋላ ዞረው ተቀመጡና ሥዕሉ ተገልብጦባቸው ሰውን ሁሉ በግራ እጁ ሲበላ አዩት።

ሠራተኛው ኦሮምኛ አያውቅም። አንድ የታይፕ ወረቀት ሰጠኝ፤ ፊልሙ የሚለው ሁሉ ባማርኛ ተጽፎበታል። «ይህን እየተከተልክ ተርጉም» አለኝ። ወረቀቱን አጥፌ ኪሴ ከተትኩት። በዚያ ሁሉ ሕዝብ ፊት እንደ ቆሎ ተማሪ ወረቀት ላይ ላጎነብስ? እንግሊዝኛ የማውቅ ሰው?

ፊልሙ የአንዲት የፈረንጅ ልጅ የመጀመሪያ የትምህርት ቀን ነው። እናቷ ፀጉሯን ታበጥራለች፣ ካፖርት ታለብሳለች፣ እጇን ይዛ ትሄዳለች። በሩ ላይ ስትደርስ ልጅቷ የእናቷን ቀሚስ ጨምድዳ አለቀሰች። ከፊቴ የተቀመጡት እናቶች ሁሉ ከንፈራቸውን መጠጡ። እኔም ባማርኛም በኦሮምኛም ነጎድኩ። እንግሊዝኛው ከሞተሩ ድምፅ ጋር ተደባልቆ ከአሥር ቃል አንዱን እንኳ አልሰማሁትም፤ ነገር ግን ማን ያውቃል? ለልጆቹ በትንንሽ ጠርሙስ ወተት ሲታደል አንድ ሽማግሌ ጮኸው ጠየቁኝ።

«ላሟስ የት አለች?»

«ከጓሮ ናት፣ አባቴ!»

«አናያትም እንዴ?»

«ስትታለብ ሰው አትወድም!»

ሜዳው በሳቅ ተናጋ። ልጆቹ ምንጣፍ ላይ ጋደም ብለው ዓይናቸውን ሲጨፍኑ ደግሞ አንዲት ሴት «እንቅልፉንማ የእኔዎቹ በነፃ ቤታቸው ይተኙታል!» አለች። እኔም «ይሄ የሐሳብ እንቅልፍ ነው» አልኩ። እንደገና ሳቁ። በሕይወቴ እንደዚያ ምሽት ሰው አፌን ጠብቆ አያውቅም።

ያ ሁሉ ሳቅ ጭንቅላቴ ላይ ወጥቶ ሳለ፣ የፊልሙ መምህርት ትንሽ ካርቶን ላይ አንድ ነገር ጻፈችና በመርፌ ቁልፍ የልጅቷ ደረት ላይ ሰካችው። ልጅቷ አንገቷን ደፍታ አየችው፣ ቀና ብላም ሳቀች። እኔ የማውቀው አንድ ብዕር የያዘ ሰው ስም ሲጽፍ ምን እንደሚሆን ነው።

«አሁን መምህርቷ አዲስ ስም ሰጠቻት!» አልኩ፣ ድምፄን ከፍ አድርጌ። «ከዛሬ ወዲያ በዚህ ነው የምትጠራው። ትምህርት ቤት የገባ ሰው አዲስ ሰው ነው!»

ሳቅ የጠበቅኩበት ቦታ ላይ የሳቀ ሰው የለም። አንዱ ከኋላ «እነሱ አገርም እንዲህ ነው ለካ» አለ፣ ቀስ ብሎ። አማቼ ሲነሳ አየሁት። ልጁን ብብቷ ሥር ይዞ አነሳትና በሕዝቡ መካከል እየተሹለከለከ ወጣ። እሷ በትከሻው ላይ ወደ አቡጀዲው ዞራ፣ እስክትርቅ ድረስ ታይ ነበር። እኔ የመሰለኝ በርዷት ነው። ቀጠልኩ።

ፊልሙ ሲያልቅ ሠራተኛው ወረቀቱን ጠየቀኝ። ከኪሴ አውጥቼ ከመስጠቴ በፊት፣ እንዲያው ለወጉ፣ በመኪናው መብራት በዓይኔ ገረፍ አደረግኩት። መካከሉ ላይ መምህርቷ የልጆቹን ስም ለማስታወስ እንዲመቻት፣ እናታቸው ያወጣችላቸውን ስም በካርቶን እየጻፈች ደረታቸው ላይ እንደምትሰካ ተጽፏል። ሁለት መስመር ነው። ፊደል ከቆጠርኩ ወዲህ እንደዚያ ፈጥኜ ያነበብኩት ነገር የለም።

ያኔ ብሮጥ እደርስባቸው ነበር። በኢተያ መንገድ ገና ብዙ አልራቁም፤ እሱም ዝግተኛ ነው። ነገር ግን የትምህርት ቤቱ ዲሬክተር እጄን ይዞ «ምነው እኛ ጋ መምህር በሆኑ ኖሮ» እያለኝ ነበር፤ ሽማግሌው ደግሞ ስለ ላሟ የተናገርኩትን ለሌላ ሰው ይደግማሉ። ቆሜ ሰማኋቸው።

ምዝገባው ሊዘጋ ጥቂት ቀን ሲቀረው አማቼን ገበያ ላይ አገኘሁት፤ ገብስ እየሰፈረ ነበር። አጠገቡ ቁጢጥ አልኩ።

«ልጅቷ እንዴት ናት?»

«ደህና ናት። ስሟም ደህና ነው።» ሳቀ። እኔ አልሳቅሁም። ቁናውን አስቀመጠና ወደ እኔ ዞረ። «ያን ማታ ያልከው፣ የስሙ ነገር፣ አይተኸው ነው ወይስ መስሎህ?»

በዙሪያችን የሚያውቁን ሰዎች ነበሩ። ሁለቱ ያን ማታ ሜዳው ላይ ነበሩ፤ አንዱ ገና ሲያየኝ «ላሟስ?» ብሎ ጠቅሶኛል።

«እኔ የመሰለኝን የማወራ ሰው ነኝ እንዴ?» አልኩ።

«አይደለህም። ለዚህ እኮ ነው አንተን የጠየቅኩህ» አለና ቁናውን አነሳ።

መምህርቷም በዚያው ሳምንት መዝገብ ቤት ድረስ መጥታ ጠየቀችኝ። «የእህትዎ ልጅ ምነው ቀረች? አባቷ ተስማምተው ነበር እኮ።» እኔም ጠረጴዛዬ ላይ ያለውን ወረቀት እያስተካከልኩ «ምን ይደረግ፣ ገበሬ ነው፤ ኋላ ቀር ነው» አልኳት። ከሁሉ ይህችን ቃል ነው ልመልሳት የምመኘው። እሱ ያመነው የእኔን ትምህርት ነበር፤ እኔ ደግሞ በእሱ አላዋቂነት አሳበብኩ። በቀጣዩ ዓመት መምህርቷ ተዛወረች። ሌላም ሲኒማ መጣ፤ አስተረጎምኩ፤ ያኔም ወረቀቱን አልተከተልኩም። ልጅቷ ቤቴ መምጣቷን አልተወችም። መስመሩ ምን እንደሚል መጠየቋን ግን ተወች።

አምስት ዓመት ያህል ቆይቶ፣ ለሁሩታ ሰዎች መታጨቷን ሰማሁ። ለጥሎሽ የሚሆነው ከብት ግቢው ገብቶ ነበር። እንኳን ደስ አላችሁ ለማለት ሄድኩ። እህቴ ገና ከውኃ አልተመለሰችም፤ አማቼ ብቻውን በርጩማ ላይ ተቀምጦ ገመድ ይገምዳል። ምን እንደያዘኝ አላውቅም፤ ከሰላምታው በፊት ነገሩን ሁሉ ዘረገፍኩት። ወረቀቱን፣ ሁለቱን መስመር፣ ገበያ ላይ የዋሸሁትን ነገርኩት። ለመምህርቷ ያልኳትንም አልደበቅኩም።

ገመዱን አላስቀመጠም። እየገመደ «ያን ቀን ገበያ ላይ ብትነግረኝ ኖሮ ምን ይደርስብህ ነበር?» አለኝ።

«ሰው ይስቅብኝ ነበር።»

«ስንት ቀን?»

ከእግሩ ሥር የወደቀውን የገመድ ጭረት አንስቼ አቀበልኩት።

«እንግዲህ ቃል ሰጥቻለሁ» አለ፣ ጭረቱን ከእጄ ተቀብሎ። «የሰው ከብት ግቢዬ ቆሟል።»

ስወጣ ልጅቷ ከቤቱ ጥግ አህያ ላይ እህል ትጭን ነበር፤ ወፍጮ ልትሄድ ነው። የጭቃ ግድግዳ ድምፅ አይከለክልም። ሁሉን ሰምታለች። የምትቆጣ መስሎኝ ቆምኩ።

«አቡያ» አለችኝ፣ «እኔ መጨረሻውን አላየሁትም።»

«የምኑን?»

«የዚያችን ልጅ። አባቴ ይዞኝ ወጣ። ማታ ቤቷ ስትገባ እናቷ በየትኛው ስም ትጠራት ይሆን እያልኩ ሳስብ ኖሬያለሁ።»

ነገርኳት። ትምህርት ቤቱ ሲዘጋ እናቷ በሩ ላይ ቆማ ትጠብቃለች፤ ልጅቷ ሮጣ ትወጣለች፤ እናቷ በዚያው በስሟ ትጠራታለች፤ አብረው ይሄዳሉ። አንድም ቃል አልጨመርኩም፣ አላሳጠርኩምም። እሷም እጇን ጭነቱ ላይ አድርጋ እስክጨርስ ሰማችኝ።

«ደግ ነው» አለችና መጫኛውን አጥብቃ፣ አህያዋን ወደ ወፍጮው መንገድ ነዳች።