የጋሼ መቀስ

አጎቴ ጋሼ በወጣትነታቸው ጀርመን አገር፣ ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ በተነሳ አንድ የፊልም ደራሲና ፕሮዲውሰር ዘንድ ለዓመታት ሠርተዋል። "አለቃዬ ከጻፈው ግማሹን ቆርጦ ይጥል ነበር" ይሉን ነበር። ወደ ከተማችን መካነ ሰላም ከተመለሱ በኋላም ወሬ ሲረዝምባቸው ሁለት ጣታቸውን እንደ መቀስ ከፈት ዘጋ ያደርጋሉ። "ቁረጪው ልጄ፣ ገብቶናል!" የዕድሩን ዳኛ እንኳ አይምሩም ነበር።

የቀብራቸው ዕለት የሕይወት ታሪካቸውን እንዳነብ እኔ ተመረጥሁ። ወረቀቱ ረጅም ነው። ትውልዳቸውን፣ የጀርመን ኑሯቸውን፣ የደከሙባቸውን ፊልሞች ሳነብ ለቀስተኛው ፀሐይ ላይ ቆሞ ይቁነጠነጣል። በየገጹ ቀና እያልሁ ከፊት የተቀመጡትን ሽማግሌዎች እጅ አያለሁ። የሁሉም እጅ ጋቢ ውስጥ ነው።

ጋሼ፣ ቁረጪው የሚለኝ ስላጣሁ እስከ መጨረሻው አነበብሁት።