ለተዋናይቷ የተቀመጥነው ለቅሶ

ስዊድን ውስጥ፣ ሃግሴትራ በሚባል ሰፈር ልጅ ሳለሁ የሰማሁት ተረት ጦጣም አንበሳም አልነበረበትም። እናቴ ማታ ማታ ቢሮ ስለምታጸዳ እኔና ወንድሜ ጎረቤታችን እትዬ ሰዓዳ ጋ እናመሽ ነበር። እሳቸው እግራቸውን ሙቅ ውሃ ውስጥ ነክረው፣ መስኮቱ ላይ ባለችው ትንሽ መብራት ብቻ፣ ስለ አንዲት አሜሪካዊት የፊልም ተዋናይ ያወሩልን ነበር። ስሟን አይጠሩም፤ «ሴትዮዋ» ነው የሚሏት። ቁጣቸው ቅርብ ነበር። በስዊድንኛ ከጠየቅናቸው «በሉ፣ ሴትዮዋ ዛሬ ደክሟታል» ብለው ወሬውን ይቆርጡብን ስለነበር፣ ያኔ እንደምንም በተሰባበረ አማርኛ «ከዚያስ?» እንል ነበር።

ሴትዮዋ የዳቦ ጋጋሪ ልጅ ነበረች። ገና በልጅነቷ አንድ የፊልም ኩባንያ ቀጠራትና ስሟን ቀየረ፣ ጸጉሯን ቀለም አስቀባ፣ ጥርሷን አስተካከለ፤ ምሳዋን ሳይቀር እነሱ ይመርጡላት ነበር። እዚህ ላይ እትዬ ሰዓዳ ሁሌም ይናደዱ ነበር፣ አሻንጉሊት መሰለቻቸው እንዴ እያሉ። ከዚያ ስሟ ገነነ፤ ምስሏ ሲኒማ ቤት ደጃፍ ላይ ከበሩ ገዝፎ ተሰቀለ። ዕድሜዋ ገፋ ሲል ግን በፊልሙ የአፍቃሪዋን ሴት ቦታ ለሌላ ወጣት ሰጥተው እሷን እናት ሆና እንድትጫወት አደረጓት፤ ቆይተውም ጭራሽ መጥራት ተዉ። ስዊድናዊ አግብታ ወደዚህ መጣች። ልጅ አልወለዱም፤ ባሏም ሞተባት። «ከዚያስ?» ስንላቸው «ከዚያማ አረጀች» ይሉን ነበር።

አንድ የጸደይ ቀን ከትምህርት ቤት ስንመለስ እትዬ ሰዓዳ ጥቁር ሻሽ አስረው፣ ፍራሽ መሬት ላይ ዘርግተው ተቀምጠው አገኘናቸው። ተረት የመሰለችኝ ሴትዮ በእውነት የነበረች መሆኗን ያወቅሁት ያኔ ነው። እትዬ ሰዓዳ መሃል ከተማ፣ ሶደርማልም ያለው ቤቷ እየሄዱ የሚያጥቧትና የሚያበሏት አሮጊት ነበረች፤ ሥራው ስለማይፈቅድ ነው ስሟን የደበቁን። ለካ በመጨረሻው ክረምት እጃቸውን ይዛ «ስሞት ማን ይመጣል?» እያለች ትጠይቃቸው ኖሯል። ቀብሯ ላይ የተገኙት ቄሱ፣ ኦርጋን የሚመታው ሰውዬ፣ ከቀብር አስፈጻሚው የተላከ አንድ ጎልማሳና እሳቸው ብቻ ነበሩ። ማንም አላለቀሰም። እትዬ ሰዓዳን ያንገበገባቸው ይኸው ነው።

ሰዓዳ ለቅሶ ተቀምጣለች የሚለው ወሬ በስልክ ከከተማው ሌላ ጫፍ ዩልስታ ድረስ ደረሰ። የወሎና የአዲስ አበባ ሴቶች ድስታቸውን ተሸክመው በባቡር መጡ። ደሴ ያሉት የእትዬ ሰዓዳ እናት የሞቱ መስሏቸው ገና ከበሩ ጀምሮ «እናትሽን! እናትሽን!» እያሉ ገቡ። እትዬ ሰዓዳ ቀና ብለው «እናቴ ደህና ናት። የሞተችው ገላዋን የማጥባት ፈረንጅ፣ የድሮ የፊልም ተዋናይ ናት» አሉ።

 አንዷ ለፈረንጅ፣ ያውም ለፊልም ሠሪ፣ ምን የሚሉት ለቅሶ ነው ብላ አጉረመረመች፤ ሌላዋ ጫማዋን ፍለጋ ተነሳች። እኔ በጣም አፈርኩ፤ ሁሉም ጥለዋቸው የሚሄዱ መስሎኝ ነበር። ከሁሉም የሚበልጡት እማማ ዘይነብ ግን ግድግዳውን ተደግፈው ተቀመጡና ለመሆኑ ማን ነበረች፣ ታሪኳን የሚያውቅ ይንገረን አሉ። እትዬ ሰዓዳ ወደ እኔ አመለከቱ።

ከዳቦ ጋጋሪው ጀመርኩ። በዚያ ሁሉ ሰው ፊት አማርኛ ተናግሬ አላውቅም፤ ተንተባተብኩ፣ ማንም ግን አላረመኝም። ስሟን እንደቀየሩባት ስነግራቸው አንዳንዶቹ ከንፈራቸውን መጠጡ። የቆመችው ሴትዮ ተመልሳ ተቀመጠች። መጨረሻ ላይ፣ ስትሞት የሚመጣላት ሰው እንዳይጠፋ ትፈራ እንደነበር ነገርኳቸው።

እማማ ዘይነብ ነጠላቸውን አፋቸው ላይ አድርገው «አይዞሽ፣ መጥተናል» አሉ፤ ለእኔ አልነበረም። ከዚያ አለቀሱላት፣ በወጉ።

አሁን እኔም ልጆች አሉኝ። ባለፈው ከፊልሞቿ አንዱን በቴሌቪዥን አገኘሁት። ወጣት ናት፣ በር ከፍታ ትገባለች፣ ትስቃለች። ልጆቼ ይቺ ማን ናት ብለው በስዊድንኛ ጠየቁኝ። ብዙ ማብራራት ይቻል ነበር።

«ዘመዳችን ነበረች» አልኳቸው።