የሚመልስ የሌለበት ከተማ

ትናንት ረፋድ ላይ ልጄ ከካምቦዲያ ፎቶ ላከችልኝ። ለሥራ ሥልጠና ወደዚያ ከሄደች ሁለት ሳምንቷ ነው። ሥልጠናው ሲያልቅ ጓደኞቿ ገበያ ወጡ፤ እሷ ደግሞ ለብቻዋ አንድ አስጎብኚ ይዛ የጥንት ክሜሮች የሠሩትን ቤተ መቅደስ ልታይ ሄደች። እኔ ደብረ ብርሃን ቤቴ ውስጥ ጋቢዬን ተከናንቤ ስልኩን ከዓይኔ አስጠግቼ አየሁት። ድንጋይ በድንጋይ ላይ፣ በር ከበር ኋላ፣ እንደገና ሌላ በር። በአንደኛው በር ጫፍ ላይ አንድ ትልቅ ዛፍ ሥሩን ወደ ታች ለቆ ግንቡን አቅፎታል። «እማዬ፣ ይኼ ሁሉ ከተማ ነበር እኮ! አሁን አንድም ሰው የለበትም» ብላ ጽፋለች።

ዛፉን ሳይ ጋሼ ሙሄ ትዝ አሉኝ። እኔም እኮ በወጣትነቴ አንድ ቅዳሜ አስጎብኚ ይዤ ሰው የሌለበት ከተማ ጎብኝቻለሁ። የልጄ በአውሮፕላን፣ የእኔ በእግር መሆኑ ነው እንጂ።

ሃያ አንድ ዓመቴ ነበር። ከመምህራን ማሠልጠኛ ወጥቼ ሸዋ ሮቢት ተመደብሁ። የመጀመሪያ ቀን ጉዞዬን እስከ ዛሬ እየነገርሁ ሰው አስቃለሁ፦ ከእናቴ ቤት ከደብረ ብርሃን ስወርድ ጣርማ በር ላይ ካፖርቴን፣ ደብረ ሲና ላይ ሹራቤን አወለቅሁ፤ ሸዋ ሮቢት ስደርስ ሙቀቱ ገና ሲጀምር የማወልቀው አልቆብኝ ነበር። የተከራየሁት ክፍል ቆርቆሮው ከላይ ሲግል ምድጃ ነው የሚሆነው። ሌሎቹ መምህራን ባለትዳሮች ናቸው፤ ደወል ሲደወል ወደየቤታቸው ይበተናሉ። እኔ ከዓርብ ከሰዓት እስከ ሰኞ ጠዋት አፌን የምከፍተው ለመብላት ብቻ ነበር። አንዳንዴ እሑድ ማታ ድምፄ እንዳለ ለማረጋገጥ ለብቻዬ የመዝገብ ስም እጠራ ነበር። ሰው ቢሰማኝ አማኑኤል ሳይወስደኝ አይቀርም።

ጋሼ ሙሄ የትምህርት ቤቱ ዘበኛ ነበሩ። ረጅም፣ ቀጭን፣ ሽርጣቸውን አጥብቀው የሚያስሩ፣ ሲስቁ ድምፅ የሌላቸው ሰው። ቅዳሜ ቅዳሜ ከክፍሌ ሙቀት ሸሽቼ የትምህርት ቤቱ በረንዳ ላይ ስቀመጥ ያዩኛል። አንድ ዓርብ፣ ኅዳር አጋማሽ ላይ፣ ጠጋ አሉና፦

«እትዬ መምህርት፣ ነገ ምን አለብዎ?»

«ምን ይኖርብኛል ጋሼ ሙሄ? ምንም።»

«እንግዲያውስ ይነሱ፤ አገራችንን ላሳይዎ። ከዘመዶቻችን ጋር ይተዋወቃሉ።»

ዘመድ! ያን ቃል ስሰማ የሆንሁትን እኔ ነኝ የማውቀው። ሌሊቱን ሙሉ በሐሳቤ ሰው ቤት ስገባ፣ «ብይ እንጂ፣ ምነው አልበላሽም» ስባል አደርሁ። በጠዋት ነጩን የክት ጫማዬን አደረግሁ፤ ባዶ እጅ አይኬድምና አንድ ኪሎ ስኳር ገዝቼ በነጠላዬ ጫፍ ቋጠርሁ።

ከከተማው ዳር ጋሼ ሙሄ ከባለቤታቸው ጋር ጠበቁኝ። እትዬ ዘሀራ አህያ ላይ ተቀምጠዋል፤ ጉልበታቸው ይታመም ነበር።

«ከወጣት ሴት ጋር ብቻዬን ብሄድ አገር ምን ይለኛል ብዬ ነው ያመጣኋት» አሉኝ ጋሼ ሙሄ።

«አገር ምንም አይልህም፣ የምልህ እኔ ነኝ!» አሉ እትዬ ዘሀራ ከአህያዋ ላይ። ከትምህርት ቤቱ ርቀን ነበርና ጋሼ ሙሄም «አንቱ»ን ትተው «አንቺ ልጅ» ይሉኝ ጀመር። ደስ አለኝ።

የቀወት ሜዳ ማሽላ ያን ጊዜ ራሱ ከብዶት ጎንበስ ብሏል። ማማ ላይ የቆሙ ሰዎች ወፍ ሲያባርሩ የወንጭፉ ጩኸት ከዚህም ከዚያም ይሰማል። እትዬ ዘሀራ ከማሳ ዳር ጥንቅሽ አስቆርጠው ሰጡኝ፤ እሱን እየመጠጥሁ፣ ከንፈሬ እየተላጠ፣ ጫማዬ አቧራ እየጠጣ ሄድን። ሜዳው አልቆ ዳገቱ ሲጀምር ቁርቁራው ቀሚሴን ይዞ አላስኬድ አለኝ። እኔ ግን ምን ተዳዬ፤ ዘመድ ቤት እየሄድሁ ነው።

ኮረብታው ጫፍ ላይ ስንደርስ ጋሼ ሙሄ ቆሙ። ከፊት ለፊታችን የድንጋይ ግድግዳ አለ፤ ከዚያ ወዲያ ሌላ ግድግዳ፣ ከዚያ ወዲያ ሌላ። ጣሪያ የሚባል ነገር የለም። አንድ ዋርካ ሥሩን በግንቡ ስንጥቅ ውስጥ አስገብቶ ድንጋዩን ከሁለት ከፍሎታል። ጭስ የለ፣ ውሻ የለ።

«ሰዎቹስ?» አልሁ።

«እዚሁ ናቸው። የድሮ የይፋት ሰዎች ናቸው፤ የዘሀራ አያት ቅድመ አያቶች» አሉኝ፣ ቀለል አድርገው።

እትዬ ዘሀራ ጫማዬን አዩ፣ የቋጠርሁትን ስኳር አዩ፣ ከዚያ ሳቃቸው አመለጣቸው። «በይ ስኳሩን ለእኔ ስጪኝ ልጄ፤ እነሱ እንደሆነ ሻይ ካቆሙ ቆይተዋል።»

ዛሬ ሳስታውሰው ያስቀኛል፤ ያን ጊዜ ግን እንባዬ መጣ። ተናደድሁም። ሕይወት ያለው ቤት ናፍቄ፣ ሰው ናፍቄ፣ ይኸው ድንጋይ! ንዴቴን ለመደበቅ ፈጠን ብዬ ወደ መጀመሪያው ቤት ሄድሁና በፈረሰው ግድግዳ ላይ ተረማምጄ ገባሁ።

«ውጪ!» አሉ ጋሼ ሙሄ። እንዲያ ሲጮኹ ሰምቼ አላውቅም። «በግድግዳ የሚገባ ሌባ ነው። ቤቱ በር አለው!»

አፍሬ ወጣሁ። ከዚያ በኋላ ያየሁትን የትም አገር አላየሁትም። እትዬ ዘሀራ ከአህያዋ ወርደው፣ እያነከሱ፣ በበሩ ገቡና ግድግዳ ተከልለው ቆሙ። ጋሼ ሙሄ ከውጭ በሩ ላይ ቆመው «አሰላሙ ዐለይኩም» አሉ። ዝም። ደገሙ። ዝም። ሲሠልሱ እትዬ ዘሀራ ከውስጥ «ወዐለይኩሙ ሰላም፣ ይግቡ!» ብለው መለሱ። ጋሼ ሙሄ ገቡ። ሲገቡም ጎንበስ ይላሉ፤ ራስ የሚመታ መቃን እኮ የለም፣ ከወደቀ ስንት ዘመኑ።

«ሃይማኖታችን ሦስት ጊዜ ሰላም በል፣ ካልመለሱልህ ተመለስ ይላል» ብለው አስረዱኝ። «የሰው ቤት ወና ሆነ ተብሎ ዝም ብሎ አይገባም። ስለዚህ እሷ ትመልስልኛለች።»

«ለእሳቸውስ ማን ይመልስላቸዋል?» አልሁ፤ መምህር አይደለሁ?

«እኔማ የቤቱ ልጅ ነኝ!» አሉ እትዬ ዘሀራ ከውስጥ። «ሠላሳ ዓመት ሙሉ ለዚህ ሰውዬ በር ስከፍት ኖርሁ። ቢያንስ ድንጋዩ እንደሱ አይጨቀጭቀኝም።»

እንዲህ እያልን ዞርን። ይኼ የሸማኔው ሐሰን ቤት ነው፤ መወርወሪያው ሲሮጥ እስከ ታች ይሰማ ነበር። ይኼ የጨው ነጋዴው ቤት ነው፤ ግመሎቹ እዚያ ማዶ ያርፉ ነበር። ይኼ የመርየም ነው፤ ባሏ ንግድ ሄዶ የቀረባት፣ እስክትሞት መብራቷን ከዚህች የግድግዳ ጉድጓድ ያላጠፋች። ስሙን ሁሉ ለጋሼ ሙሄ ያስተማሯቸው አማታቸው፣ የእትዬ ዘሀራ እናት ናቸው። እውነት ይሁን ጨዋታ የማውቀው ነገር የለም፤ የታሪክ አዋቂ ቢሰማ ይስቅ ይሆናል። መስጊዱ ጋ ስንደርስ ግን መልስ አልተጠበቀም። «የአላህ ቤት ነው፤ እዚህ ሁልጊዜ ባለቤት አለ» አሉ፤ እኔም ጫማዬን አውልቄ ከደጁ ቆምሁ።

ዋርካው ሥር ምሳ በላን፤ ቂጣና የተቀቀለ ማሾ። «ጾም መግባቱን አውቄ ቅቤ አላስነካሁትም» አሉኝ እትዬ ዘሀራ። ከዚያም «ብይ እንጂ፣ ምነው አልበላሽም!» ሲሉኝ ቀና ማለት አቃተኝ። ልጆቻቸው አንዱ ጅዳ፣ አንዱ ጅቡቲ፣ አንዷ አዲስ አበባ ናቸው። እዚህ ኮረብታ ላይ አብሯቸው የወጣ ልጅ የለም።

ከምሳ በኋላ ወደ ቀጣዩ ቤት ስንሄድ የእትዬ ዘሀራ ጉልበት እምቢ አለ። ድንጋይ ላይ ተቀመጡ፤ መነሳት አልቻሉም። ጋሼ ሙሄ በሩ ላይ ደርሰው ቆሙ። ወደ ሚስታቸው ዞረው አዩ። ያን አስተያየታቸውን አልረሳውም፤ ቤቱ የተዘጋበት ሰው አስተያየት ነው።

«ግቢ ልጄ፣ እኔ ፈቅጄልሻለሁ» አሉኝ እትዬ ዘሀራ።

ገባሁ። ጥግ ላይ ቁልቋል በቅሏል፤ ድንጋዩ ፀሐይ ጠጥቶ ይሞቃል። ከውጭ ሰላምታው መጣ። አንዴ። ሁለቴ። ሦስተኛው ሲመጣ የእነሱን መልስ ማለት አልደፈርሁም፤ በእናቴ ቤት ልማድ «ይግቡ! ቤት ለእንግዳ!» ብዬ ጮኽሁ። ጋሼ ሙሄ ጎንበስ ብለው ገቡ። ያን ድምፅ የሌለው ሳቃቸውን እየሳቁ «አልሐምዱሊላህ፣ ቤቱ ሰው አለው» አሉ። ሸዋ ሮቢት ከገባሁ ጀምሮ ያን ቀን ነው ሰው የሆንሁት።

ፀሐይዋ ሳታዘቀዝቅ መውረድ ነበረብን፤ ሦስት ቤት ቀረ።

«የሚቀጥለው ቅዳሜ እንጨርሰዋለን» አሉ ጋሼ ሙሄ። ቀጥለውም ዝቅ ባለ ድምፅ፣ «ዘሀራ ከእንግዲህ አትወጣም፤ አይተሻታል። ካንቺ በቀር የሚመልስልኝ የለም» አሉኝ።

«እመጣለሁ» አልሁ። ስለው ከልቤ ነበር።

ረቡዕ ዕለት የዝውውር ደብዳቤዬ ደረሰ። መስከረም ላይ፣ ብቸኝነቱ ሲያንገበግበኝ፣ ወደ ደብረ ብርሃን መልሱኝ ብዬ አመልክቼ ነበር። ሐሙስ የመልቀቂያ ወረቀቴን ተቀብዬ ሻንጣዬን ይዤ ከትምህርት ቤቱ ስወጣ በሩን የከፈቱልኝ ጋሼ ሙሄ ናቸው።

«ወዴት ነው እትዬ መምህርት?»

«እናቴ አሟት ነው፤ አይቻት ልምጣ» አልሁ። እናቴ እንደ ብረት ነበረች።

«አላህ ይማራት። ቅዳሜስ?»

«ለቅዳሜ እደርሳለሁ።»

ሻንጣዬን በእጃቸው ከደጅ የቆመው ጋሪ ላይ ጫኑልኝ። ዞሬ አላየሁም። እውነቱን ብነግራቸው ይመርቁኝ ነበር እኮ! ግን አፈርሁ፤ ከእፍረቴም ውሸቱ ቀለለኝ። ወጣት መሆን አንዳንዴ ጨካኝ መሆን ነው።

ከስንት ዓመት በኋላ ለለቅሶ ወደ ደሴ ስሄድ አውቶቡሱ ለምሳ ሸዋ ሮቢት ቆመ። እየሮጥሁ ወደ ትምህርት ቤቱ ሄድሁ። አዲሱ ዘበኛ ነገረኝ። እትዬ ዘሀራ እኔ በሄድሁ ዓመት ነው ያረፉት። ጋሼ ሙሄ ግን እስኪደክሙ ድረስ ቅዳሜ ቅዳሜ ኮረብታው ላይ አልቀሩም።

«እረኞች ያዩዋቸው ነበር» አለኝ። «በየበሩ እየቆሙ ሦስት ሦስት ጊዜ ሰላም ይላሉ፤ ትንሽ ይጠብቃሉ፤ ከዚያ ይመለሳሉ። ሲገቡ ያየ የለም። እሳቸውም አረፉ።»

ምሳዬን ሳልበላ አውቶቡሱ ውስጥ ገብቼ ተቀመጥሁ። እስከ ደሴ ድረስ ለሰው የማለቅስ መስዬ የራሴን አለቀስሁ።

ዛሬ ባለቤቴ የለም፤ ልጄ ያለችኝ አንድ ናት። ከቤተ ክርስቲያን ስመለስ ቁልፌን አውጥቼ ከመክፈቴ በፊት በሬ ላይ ቆም እላለሁ። ማን እንዲመልስልኝ እንደሆነ እንጃ።

ትናንት ከፎቶው ኋላ ልጄ ስልኩን በሰልፊ ዘንግ ይዛ በቪዲዮ ደወለች። አስጎብኚዋ፣ ሽማግሌ ቢጤ ሰው፣ ከፊት ከፊቷ ይሄዳል። እሷ ወደ አንድ የፈረሰ ግድግዳ ዞራ ልትሻገር እግሯን ስታነሳ አየሁ።

«ኧረ አንቺ ልጅ፣ በበሩ!» ብዬ ጮኽሁ።

«እማዬ፣ በበሩ ዙሪያ ጥምጥም ነው እኮ።»

«ዙሪያ ጥምጥም ይሁን። በሩ ላይ ቁሚና ጥሪ።»

«ማንን ልጥራ? ማንም የለም!»

«ጥሪ አልሁሽ።»

እየሳቀች ዞረችና በሩ ላይ ቆመች። «ቤቶች!» አለች። አስጎብኚው ገርሞት ያያታል። «ድገሚ» አልኋት። «ቤቶች!» በሦስተኛው ሳቋን አቆመች፤ ምን እንደገባት አላውቅም፣ ድምፅዋ ተለወጠ።

ስልኩን ወደ አፌ አስጠጋሁት። «ግቢ፣ ልጄ! ቤት ለእንግዳ!» አልሁ፣ ባዶ ቤቴ እስኪያስተጋባ።

ልጄ ጎንበስ ብላ ገባች። ጋሼ ሙሄ ግን አሁንም በሩ ላይ ናቸው።