በየዓመቱ ለአሥራ አምስት ቀን የማትኖረው ሠራተኛ

በግራ እጇ የውሃ ቆጣሪውን ጠረጴዛው ላይ ትጫነዋለች፤ በቀኟ የማኅተሙን ሽቦ በፒንሳ ቀጭ አድርጋ ትቆርጣለች። ቀለበቱን በቁልፍ ትፈታለች፣ መስታወቱን ታነሳለች፣ ቁጥሮቹ ያሉበትን ክፍል በሁለት ጣቷ ስባ ጨርቅ ላይ ታስቀምጣለች። ከዚያ ወንፊቱ። ወንፊቱ መቼም አሸዋ አያጣም። በጥርስ ብሩሽ ፈትጋ ታጥበዋለች። መዘውሩን እፍ ብላ ታሽከረክራለች፤ ዙሩ ከተደናቀፈ ዘንጉ ተበልቷልና ትቀይረዋለች። አዲስ ጎማ ታስገባለች፣ መልሳ ታጠብቃለች፣ ሃያ ሊትር ውሃ ታሳልፍበታለች። ሃያ ገብቶ ሃያ ካልቆጠረ እንደገና ይፈታል። ከቆጠረ አዲስ ሽቦ፣ አዲስ የማኅተም እርሳስ፣ በፒንሳው ጭምቅ።

የውሃ መሥሪያ ቤቱ ሰው ሁሉ «እትዬ ፒንሳ» ነው የሚላት። ይህን ሥራ አሥራ ዘጠኝ ዓመት ሠርታዋለች። መሥሪያ ቤቱ ግን ስምንት ነው ይላል። ጡረታ ልትወጣ ደግሞ አሥር ወር ቀርቷታል።

ነገሩ እንዲህ ነው። የመጀመሪያዎቹን አሥራ አንድ ዓመታት በጊዜያዊነት ነው የሠራችው። ውሏ በበጀት ዓመቱ መጨረሻ ያልቃል፤ አዲሱ የሚፈረመው ከአሥራ አምስት ቀን በኋላ ነው። ቆጣሪ ደግሞ ውል እስኪታደስ ብሎ ከመበላሸት አይቆጠብም። ስለዚህ አለቆቹ ዘዴ ነበራቸው። ውሉ በሚያልቅበት ቀን ጠዋት የመሣሪያ ሣጥኗን ለዕቃ ግምጃ ቤት አስረክባ ክሊራንስ ትፈርማለች፤ ከሰዓት ያንኑ ሣጥን ከዚያው መደርደሪያ አንስታ ወደ ሥራ ትወጣለች። «ለደንቡ ያህል ነው» ይሏት ነበር። ለደንቡ ያህል ፈረመች፤ አሥራ አንድ ጊዜ።

ባለፈው ወር የልጇ እኩያ የሆነው የሰው ሀብት ኃላፊ እነዚያን ወረቀቶች እንደ ካርታ ጨዋታ ፊቷ ደረደራቸው።

«ጊዜያዊ አገልግሎት ለእርከን የሚያዘው ካልተቋረጠ ብቻ ነው፣ እትዬ። የእርስዎ አሥራ አንድ ጊዜ ተቋርጧል። ፊርማው የእርስዎ አይደለም?»

«የኔ ነው።»

«እንግዲህ!»

«እንግዲህ ምን? ተቋረጠች በምትልበት ሳምንት እኮ የእናትህን ቤት ቆጣሪ የቀየርኩት እኔ ነኝ!»

«ፋይሉ ውስጥ የለም።»

በሁለት ዓመት አንድ የደመወዝ እርከን ነው። አሥራ አንዱ ዓመት ሲጠፋ አምስት እርከን ይዞ ይጠፋል፤ ጡረታውም የሚሰላው በመጨረሻው ደመወዝ ስለሆነ ጉድለቱ ዕድሜ ልኳን ይከተላታል። ቆጣሪ አፈታቱን ራሷ ያሳየችው፣ ከመነሻው በቋሚነት የተቀጠረ ባልደረባዋ ዛሬ በሦስት እርከን ይበልጣታል። ዘንግ መቀየር ሲያቅተው ግን እስካሁን «እትዬ፣ እስቲ ነይ» ነው።

ያን ዕለት ቤቷ ስትገባ በሩን በኃይል ወርውራ ዘጋችው። ልጇ ከመቀመጫዋ ብድግ አለች።

«እማዬ፣ ተይው በቃ። ደም ግፊትሽ ይጨምራል።»

«ይጨምር! እሱ እንኳ ጭማሪ ያግኝ!»

«ግን ለምን ፈረምሽ?»

«ካልፈረምኩ ውሉ አይታደስማ! አንቺ ያኔ ተማሪ ነበርሽ። ደብተርሽን በምን ልገዛው ኖሯል፣ በኩራቴ?»



በማግስቱ እትዬ ፒንሳ ለቅሬታ ሰሚ ኮሚቴው አመለከተች። ኮሚቴው፣ በየዓመቱ በነዚያ አሥራ አምስት ቀናት መሥራቷን የሚያሳይ ለእያንዳንዱ ዓመት አንድ ሰነድ በአንድ ወር ውስጥ እንድታቀርብ አዘዘ። መዝገብ ቤት ወረደች። «አምስት ዓመት ያለፈው ተቃጥሎ ተወግዷል» አሏት። ማስረጃውን ራሳቸው አቃጥለው ማስረጃ አምጪ ይሏታል!

የጥገና ወረቀት ሁለት ቅጂ አለው፤ ነጩ ለመሥሪያ ቤቱ፣ ቢጫው ለደንበኛው። ነጩ አመድ ሆኗል። ቢጫው በሰው ቤት አለ። እትዬ ፒንሳ ከሥራ ስትወጣ በር ማንኳኳት ጀመረች፤ መጀመሪያ ያንኳኳችውም የኃላፊውን እናት በር ነው። አሮጊቷ የወረቀት ከረጢታቸውን አልጋው ላይ ዘረገፉት።

«የለም ያለው የኔው ልጅ ነው?»

«እሳቸው ናቸው፣ እማማ።»

«ይኸው ወረቀቱ። እኔ እንደሰጠሁሽ እንዳትነግሪው።» በሩ ጋ ስትደርስ ደግሞ ጠሯት። «አይ፣ ንገሪው!»

እስካሁን የአራት ዓመት ወረቀት አግኝታለች። ሰባት ይቀራታል፤ የቀራት ጊዜ ደግሞ ሁለት ሳምንት ብቻ ነው። በየበሩ የምትለውን በዚህ ጽሑፍም ትላለች፤

«ከስምንት እስከ አሥራ ስምንት ዓመት በፊት ባለው ጊዜ ቆጣሪያችሁን ያሠራችሁ ሰዎች፣ መሳቢያችሁን ፈትሹልኝ። ቢጫ ወረቀት ነው፤ ቀኑ የበጀት ዓመቱ በገባ በመጀመሪያው ሁለት ሳምንት ውስጥ ያለ። ብትቀደድም፣ ዘይት ቢነካትም ግድ የለም፤ ቀኑና ፊርማው ይነበብ ብቻ። ጥገና ክፍል፣ የጓሮው በር፣ ከጠዋት እስከ ሥራ መውጫ እዚያው ነኝ። ኮፒ አድርጌ እዚያው እመልስላችኋለሁ። ነገ ዛሬ አትበሉኝ፤ አምጡልኝ።»